ለቢስክሌት ስፖርት የሚሆን ዜማ አመራረጥ

በደቦ የሚያጭድ ገበሬ ዜማው ሲነሣ ማጭዱ እንደሚፈጥንለት፣ ዜማው ሲቋረጥም ክንዱ እንደሚዝል አገር የሚያውቀው ነው። እንግዲህ በከተማ የስፖርት አዳራሽ ውስጥ በአንድ ስፍራ የተተከለ ቢስክሌት በማኅበር የሚነዱ ሰዎች ዜማ መፈለጋቸው አያስደንቅም። የሚያሳዝነን አመራረጡ ነው። ብዙ አሠልጣኞች ብርታት የሚሰጠው ጩኸቱ ስለሚመስላቸው የድምፅ ማጉያውን እስከ መጨረሻው ይከፍቱታል፤ ምቱን ግን የሚቈጥር ጥቂት ነው።

ምቱ የሚሠራው ሥራ ከተመረመረ ቆይቷል። እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1911 ዓ.ም. ሌናርድ ኤርስ የተባሉ አሜሪካዊ፣ በኒው ዮርክ ስድስት ቀን በሚፈጀው የቢስክሌት እሽቅድምድም ላይ የሙዚቃ ጓዱ ሲጫወትና ዝም ሲል የነበረውን ፍጥነት አስተያይተው፣ ሙዚቃ በሚሰማበት ጊዜ ተወዳዳሪዎቹ ይበልጥ እንደሚፈጥኑ ጻፉ። በ2012 ዓ.ም. ደግሞ የእንግሊዝ ተመራማሪዎች ባወጡት ጥናት፣ እግራቸውን ከምቱ ጋር ያስማሙ ነጂዎች፣ ዜማው በጥቂቱ ከዘገየባቸው ጊዜ ይልቅ ለዚያው ሥራ የፈጁት ኦክሲጅን በ7 ከመቶ ያህል ያነሰ ሆኖ ተገኘ።

ስለዚህ አሠልጣኙ አስቀድሞ ሰዓት ይዞ የዘፈኑን ምት ይቍጠር። ፔዳሉ አንድ ጊዜ ሲዞር ሁለቱ እግሮች በየተራ ይረግጣሉ፤ በደቂቃ 160 ምት ያለው ዘፈን፣ በየምቱ አንድ እግር ቢረገጥበት፣ 80 ዙር ይሆናል ማለት ነው። ለሜዳ አነዳድ በደቂቃ ከ80 እስከ 110 ዙር፣ የመንኰራኵሩ ማጥበቂያ ጠበቅ ተደርጎ ዳገት ለሚመስለው ከ60 እስከ 80 ዙር የተለመደ ነው።

ዘፈኑ የግድ የባሕር ማዶ መሆን የለበትም። ሠርግ ቤት ሁሉ የሚጨፍርበት ችክችካ በስድስት እየተቈጠረ ሁለት ዐበይት ምቶች ስላሉት፣ ለግራና ለቀኝ እግር የተሰፋ ይመስላል፤ ፍጥነቱ ግን ከዘፈን ዘፈን ስለሚለያይ መቍጠሩ አይቀርም። ፉከራና ሽለላ ልብን ቢያነሣሡም የጸና ምት ስለሌላቸው እግር አይከተላቸውም። (በዚህ ነገር ከአንድ ወዳጃችን ጋር እስከ ዛሬ አልተስማማንም፤ እርሱ ያለ ፉከራ ዳገት አይወጣም።) ትዝታ ደግሞ በመካከል ገብቶ ሰውን ከሚያስተክዝ፣ ትንፋሽ ለሚረጋበት ለመጨረሻዎቹ ደቂቃዎች ቢቆይ እንመርጣለን።

ወደ ጩኸቱ እንመለስና፣ በውጭ አገር ትምህርት ላይ ሳለን ከአንድ እንዲህ ካለ አዳራሽ ወጥተን ጆሮአችን ሌሊቱን ሲጮኽብን አድሯል። በጊዜው የብርታት ምልክት መስሎን ነበር። የ85 ዴሲቤል ድምፅ ለ8 ሰዓት ይፈቀዳል ቢባል፣ በየ3 ዴሲቤሉ ጭማሪ ጊዜው በእኩሌታ እየተቀነሰ ሄዶ በ100 ዴሲቤል 15 ደቂቃ ብቻ ይቀራል፤ የአንድ ቀን ትምህርት ግን ብዙውን ጊዜ 45 ደቂቃ ይፈጃል። በውስጠኛው ጆሮ ያሉት ፀጉር መሰል ሕዋሳት አንድ ጊዜ ከሞቱ አይተኩም። ከሁሉ በላይ የምናዝነው በቀን ሦስትና አራት ጊዜ በማጉያው አጠገብ ለሚቀመጠው ለአሠልጣኙ ለራሱ ነው። መለኪያ መሣሪያ ባይኖረው እንኳ ክንድ ሲዘረጋ ከሚደርስበት ሰው ጋር ይነጋገር፤ ለመሰማት መጮኽ ካስፈለገው ማጉያውን ዝቅ ያድርግ።