ቦብ ማርሌይ ከእኛ የወሰደው ባንዲራ አይደለም

ከአቶቴ ወደ አሞራ ገደል የሚወርደው ባጃጅ መስታወቱ ላይ የይሁዳ አንበሳ ተለጥፎበታል፤ ከውስጡ ደግሞ ቤዙ መቀመጫውን የሚያንቀጠቅጥ የቦብ ማርሌይ ዘፈን ይሰማል። አጠገቤ የተቀመጡት ጎልማሳ ትንሽ ታገሡና፣ «ባንዲራችንንና የጃንሆይን ፎቶ ወሰዱ፣ የራሳቸውን ነገር ሠሩበት። ከእኛ ጋር ምን ያገናኛቸዋል?» አሉ። ወጣቱ ሾፌር ዞር ብሎ፣ «ጋሼ፣ ግጥሙን ሰምተውታል?» ሲላቸው፣ «እንግሊዝኛ አይደል እንዴ! ምኑን እሰማዋለሁ?» ብለው ዘጉት።

ይህ የእሳቸው ብቻ አስተያየት ቢሆን ኖሮ አሳ ሾርባዬን ጠጥቼ እረሳው ነበር። ግን ሐዋሳ ውስጥ ተምረናል የሚሉትም ይሉታል። ሻሸመኔ 25 ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ስለምትርቀን ራስታዎቹን የምናውቃቸው ይመስለናል። በ1940 ዓ.ም. ስለተሰጣቸው አምስት ጋሻ መሬት፣ ስለ ሦስቱ ቀለማት፣ ስለ ፀጉራቸው እናወራና እዚያው ላይ እናበቃለን። የማርሌይ መንፈሳዊነት በእኛ ዘንድ ከውጭ የመጣ ቅዠት ነው፤ የኢትዮጵያ ድርሻ ደግሞ ጌጥ ብቻ ነው። እኔ ይህ አባባል ከሥሩ ስህተት ነው እላለሁ። ማርሌይ ከእኛ የወሰደው ትልቁ ነገር ባንዲራ ሳይሆን ዓረፍተ ነገር ነው። ያ ባጃጅ ውስጥ ሲዘፈን የነበረውም «ዋር» ነበር፦ «ጦርነት»።

ዘፈኑ የወጣው «ራስታማን ቫይብሬሽን» በተባለው አልበም፣ በሚያዝያ 1968 ዓ.ም. ነው። ከማርሌይ ጋር የጀመሩት ፒተር ቶሽና በኒ ዌይለር ቀደም ብለው ተለይተውታል፤ ዌይለርስ የሚለው ስም ቢቀርም አልበሙ በመንፈሱ የአንድ ሰው ሥራ ነው። አሜሪካ ውስጥ ስምንተኛ ደረጃ ደርሷል፤ በሕይወት ሳለ እዚያ ከአሥሩ ውስጥ የገባለት አልበም ይህ ብቻ ነው። ሮክ የሚሰማው ነጭ ወጣት ሳይቀር ገዝቶታል። ጊዜውን ደግሞ እናስተውል። ንጉሠ ነገሥቱ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከዙፋን ወርደው ሞታቸው ከተነገረ ዓመት እንኳ አልሞላውም። እዚህ ስማቸውን በበጎ ማንሳት በሚያስፈራበት ወቅት፣ ጃማይካ፣ ኪንግስተን ውስጥ ንግግራቸው በከበሮ ይቀረጽ ነበር።

የዘፈኑ ቃል ከመስከረም 1956 ዓ.ም. የተባበሩት መንግሥታት ንግግራቸው የተወሰደ ነው። የአፍሪካ አንድነት ድርጅት አዲስ አበባ ላይ ከተመሠረተ ገና አምስት ወር አልሞላውም። ጃንሆይ ያን ቀን ኒውዮርክ ላይ የተናገሩት በአማርኛ ነው፤ ዓለም የሰማው ትርጉሙን ነው። አንድ ዘር ከሌላው ይበልጣል የሚለው አስተሳሰብ ካልተወገደ፣ በዜጎች መካከል ደረጃ ካልቀረ፣ የአንጎላ፣ የሞዛምቢክና የደቡብ አፍሪካ ሕዝቦች ካልተፈቱ፣ አፍሪካ ሰላም እንደማታገኝ የሚናገረው ክፍል ከትንሽ ለውጥ በቀር እንዳለ ወደ ዘፈኑ ገባ። የድርሰቱ ባለቤት ተብለው የተመዘገቡት አለን ኮልና ከበሮ መቺው ካርልተን ባሬት ናቸው። የዘፋኙ ስም ከደራሲነቱ ላይ የለም፤ የተናጋሪውም የለም።

አሁን ሰዋስው እናንሳ፤ ምክንያቱም ምስጢሩ ያለው እዚያ ነው። የአማርኛ ዓረፍተ ነገር ግሱን መጨረሻ ላይ ያስቀምጣል። «እስካልሆነ ድረስ» የሚል ሐረግ ከዋናው ሐሳብ ቀድሞ ይመጣና አድማጩን አንጠልጥሎ ይይዘዋል። አንዱ ቅድመ ሁኔታ ሲያልቅ ሌላው ይተካል፤ ፍርዱ ግን አይመጣም። አማርኛ ለሚናገር ሰው ይህ ጥበብ አይደለም፤ ችሎት ፊት አቤት ሲል፣ ሽምግልና ላይ ነገር ሲያቀርብ የሚናገርበት የዘወትር መንገዱ ነው። እንግሊዝኛ ግን ዋናውን ሐሳብ አስቀድሞ ቅድመ ሁኔታውን ማስከተል ይቀናዋል። ተርጓሚው የአማርኛውን ተራ ጠበቀ፤ ማርሌይ ደግሞ ያንን መንጠልጠል ዜማ አደረገው።

እንዴት? ቤት በማይመታ ቃል ነዋ! የእኛ ግጥም ጸሐፊዎች ለአንዲት ቤት መምቻ ሲሉ ሐሳብ ሲሸጡ፣ ይህ ዘፈን ቤት አይመታም። ኮርዶቹ ጥቂት ናቸው፤ ቤዙ አንዱን መንገድ እየደጋገመ ይመላለሳል። እያንዳንዱ ቅድመ ሁኔታ ሲያበቃ ያቺ አንዲት ቃል፣ ጦርነት፣ እንደ ማኅተም ትወርዳለች። ባሬት የሚመታው ከበሮም አንደኛውን ምት ባዶ ይተወዋል፤ ክብደቱን ሦስተኛው ላይ ይጥለዋል። ግሱ እንደሚዘገይ ሁሉ ምቱም ይዘገያል። ጆሮ የሚጠብቀው ነገር በሚጠብቀው ቦታ የለም፤ ቆይቶ ይደርሳል። እንግዲህ የአማርኛን አገባብ በከበሮ አስረዳ ብባል ከዚህ የተሻለ ምሳሌ የለኝም።

መንፈሳዊነቱስ? በዘፈኑ ውስጥ የእግዚአብሔር ስም አንድ ጊዜ እንኳ አይጠራም። ሆኖም የሚሰማው ሰው ስብከት እንደሰማ ይሰማዋል። መልሱ ለእኛ ቅርብ ነው፦ ቅርጹ የግዝት ቅርጽ ነው። የንስሐ አባት «የጎረቤትህን ድንበር እስክትመልስ ድረስ» ብለው ሲጀምሩ፣ ተገዛቹ ቀሪውን ሳይሰማ ጉልበቱ ይርዳል። ግዝት ልመና አይደለም፤ በሩን ዘግቶ ቁልፉን በጥፋተኛው እጅ ይተዋል። «ዋር» ዓለምን የሚያደርገው ይህንኑ ነው። ሰላም አይከለክልም፤ የሰላምን ቁልፍ ለበደለኛው ሰጥቶ ይጠብቀዋል። አልበሙ ከወጣ ሁለት ወር እንኳ ሳይሞላ ደቡብ አፍሪካ ውስጥ የሶዌቶ ተማሪዎች አደባባይ ሲወጡ፣ ቁልፉ ገና እንዳልዞረ ዓለም አየ።

«ትርጉም ነው እንጂ አማርኛ አይደለም» የሚለኝ አይጠፋም። ዳዊትስ ወደ ግዕዝ የመጣው በትርጉም አይደለም? «የንጉሥ ንግግር የጸሐፊዎች ሥራ ነው» የሚልም አለ፤ ይሁን፣ ጸሐፊ በሚያስብበት ቋንቋ ያረቅቃል። «ራስታዎቹ ሰውን ያመልካሉ» ለሚለው ክስ ደግሞ ከሊቃውንት ጋር ተከራከሩ፤ እኔ የማወራው ስለ ዘፈን አሠራር ነው። ደግሞም ማርሌይ ራሱ መንገዱን የት እንደጨረሰ አንርሳ። በጥቅምት 1973 ዓ.ም. በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ብርሃነ ሥላሴ ተብሎ ተጠመቀ። በግንቦት ሲያርፍ ጸሎተ ፍትሐቱን የመሩት አቡነ ይስሐቅ ናቸው። ጌጥ ብቻ የፈለገ ሰው እዚህ ድረስ አይመጣም።

ስለዚህ ጥር 29 ቀን 1997 ዓ.ም. መስቀል አደባባይ ላይ 60ኛ የልደት በዓሉ ሲከበር፣ እንግዳ እንደተቀበልን ያሰብነው ተሳስተን ነው። የተቀበልነው የራሳችንን ድምፅ ነበር። ከዚህም አልፌ እላለሁ፦ በዓለም ላይ በብዛት የተደመጠው የአማርኛ ድርሰት ከመጻሕፍታችን አንዱ አይደለም፤ ከካሴቶቻችንም አንዱ አይደለም። እንግሊዝኛ ለብሶ የሚዞረው ይህ ዘፈን ነው።

አሞራ ገደል ደርሰን ስንወርድ ጎልማሳው ሒሳባቸውን ከፈሉና ለአፍታ ቆሙ። ዘፈኑ አላለቀም ነበር። እንግሊዝኛ አልሰማም ያሉት ሰውዬ፣ የመጨረሻውን ቃል እንደሚጠብቅ ሰው ጭንቅላታቸውን ዘንበል አድርገው ነበር።