የምንልከው ዶላር የቆመበት ቦታ



እዚህ ዋሽንግተን መሃል ከተማ የመኪና ማቆሚያ ውስጥ የሚሠራ፣ ታክሲ የሚነዳ፣ ከቢሮ ሕንፃዎች ሥር ቡናና ሳንድዊች የሚሸጥ ብዙ አበሻ አለ። ጠዋት መኪናውን አቁሞ፣ ቀትር ላይ ምሳ የሚገዛው የቢሮ ሠራተኛ ነበር እንጀራችን። በመጋቢት 2012 ዓ.ም. ኮሮና ሲገባ ያ ሠራተኛ ላፕቶፑን ይዞ ቤቱ ገባ። በሽታው ካለፈም በኋላ ብዙው ወደ ቢሮ የሚመጣው በሳምንት ሁለት ሦስት ቀን ሆነ። ደመወዙን ያገኛል፤ የሚያወጣው ግን ሰፈሩ ሜሪላንድና ቨርጂኒያ ነው፤ ምሳውንም በስልክ ያዝዛል። ከእኛም ልጆች ታክሲውን ትተው ምግብ ማድረስ የጀመሩ አሉ። የመንግሥት ሠራተኛው በ2017 ወደ ቢሮ ተመለስ ቢባልም፣ በዚያው ዓመት ብዙ ሰው ከሥራ ተቀነሰ።

አገር ቤት ላላችሁ ወገኖቻችን በየወሩ የሚደርሳችሁ ገንዘብ የቆመው በዚህ እየሳሳ በሄደ ሥራ ላይ ነው።

ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር ምንዛሪ ለገበያ ከተለቀቀ ወዲህ፣ በባንክ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በጥቂት ሳምንታት ከ100 ብር አለፈ። የምንልከው በዝቶ ይታያል፤ የአስቤዛውም ዋጋ አብሮ ወጥቷል። የተረፈውን ሁሉ ቤት ለመሥራት ለሲሚንቶና ለፌሮ ማዋላችሁ ግን በጣም ያሳስበኛል።

ሌላም አማራጭ ነበር። ኢትዮ ቴሌኮም በጥቅምት 2017 አክሲዮኑን በቴሌብር መሸጥ ሲጀምር አንዱ 300 ብር፣ ትንሹ ግዢ 33 አክሲዮን ነበር። 9,900 ብር ያለው ሰው ሳይሰለፍ በስልኩ መግዛት ይችል ነበር። የተፈቀደው ለኢትዮጵያ ዜጋ ብቻ ስለነበር ፓስፖርት የቀየርን ሰዎች አልቻልንም፤ እናንተ ግን ትችሉ ነበር። ከቀረበው 100 ሚሊዮን አክሲዮን የተሸጠው 10.7 ሚሊዮን ገደማ ነው። አክሲዮን ሊከስርም ይችላል፣ አውቃለሁ። ሆኖም ገንዘብን ሁሉ አንድ ግድግዳ ላይ መለሰን የባሰ አደጋ ነው።

ከአክሲዮንም በፊት የማስቀድመው ሥራ ነው። ሠራተኛውን ከቢሮ ያስወጣብን ያው ኢንተርኔት፣ አካውንቲንግ ወይም ሶፍትዌር የተማረችን ልጅ አዲስ አበባም ሐዋሳም ተቀምጣ ለውጭ ድርጅት እንድትሠራ ያስችላታል። የ5 ሚሊዮን ኮደርስ የኮምፒዩተር ሥልጠና በነፃ ሲሰጥ ቆይቷል። ላፕቶፑና መብራት ሲጠፋ የሚይዘው ባትሪ ግን ገንዘብ ይጠይቃሉ። ይህን እኛ እንቻለው።

ከእንግዲህ ስትደውሉልን ግንበኛው የጠየቀውን ብቻ ሳይሆን፣ ልጆቹ ምን መማር እንደሚፈልጉና ላፕቶፑ ስንት እንደሚያወጣ ንገሩን።