ስለ ቪቪየን ሌይ ሥራና ሕመም

አንባቢዎቻችን ሆይ፤ የቴአትርና የሲኒማ ተጫዋቾች ዝና ወደ ጆሯችን የሚደርሰው ብዙ ጊዜ ከመልካቸውና ከልብሳቸው ጋር ነው፤ ከመጋረጃው በስተኋላ ያለውን ኑሯቸውን የሚመረምር ግን ጥቂት ነው። ስለዚህ በዛሬው ክፍላችን ስለ እንግሊዛዊቱ ተጫዋች ስለ ቪቪየን ሌይ ጥቂት ለመጻፍ ወደድን። ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።

ቪቪየን በ1913 በሕንድ አገር ዳርጂሊንግ በምትባል ከተማ ተወለደች። ገና የስድስት ዓመት ልጅ ሳለች በእንግሊዝ አገር ከመነኮሳይያት ትምህርት ቤት ገባች። በ1932 ሌይ ሆልማን የሚባል የሕግ ዐዋቂ አገባች፤ በማግሥቱ ዓመትም ሴት ልጅ ወለደችለት። በመድረክ የታወቀችበትን ስም የወሰደችው ከእርሱ ስም ነው። በ1935 በሎንዶን በተጫወተችው አንድ ቴአትር ዝናዋ በአንድ ሌሊት ወጣ። ከዚህም በኋላ ሎሬንስ ኦሊቪዬ ከተባለው ስመ ጥር ተጫዋች ጋር ተዋደዱ፤ ሁለቱም የቀድሞ ትዳራቸውን ፈትተው በ1940 ተጋቡ። ልጂቱ ግን ከአባትዋ ዘንድ ቀረች።

በ1939 ማርጋሬት ሚቼል ከደረሰችው መጽሐፍ በተሠራው ፊልም ስካርሌት ኦሃራን ሆና ተጫውታ የኦስካርን ሽልማት ተቀበለች። ይህም መጽሐፍ ነቢይ መኮንን በደርግ ዘመን በእስር ቤት ሳለ በሲጋራ ወረቀት ላይ ተርጕሞ «ነገም ሌላ ቀን ነው» ያለው ነው። በ1951 በወጣው ፊልም ደግሞ ብላንሽ የምትባለውን አእምሮዋ የታወከ ሴት ሆና ተጫውታ ሁለተኛውን ኦስካር አገኘች።

ነገር ግን በዚያ ዘመን እርስዋ ራስዋ ታማሚ ነበረች። የሳንባ ነቀርሳ ተገኘባት። ከዚህም የሚከፋው አንድ ጊዜ ከልክ ያለፈ ደስታን፣ አንድ ጊዜም ከልክ ያለፈ ኀዘንን የሚያመጣ የአእምሮ ሕመም ነበረባት። በ1953 ዛሬ ስሪላንካ በምትባለው በሲሎን ደሴት የተጀመረውን ፊልም ሳትፈጽም ሕመሙ ስለ ጸናባት ወደ አገርዋ መለሷት፤ በስፍራዋም ኤልሳቤጥ ቴይለር ተተካች። ሐኪሞች በኤሌክትሪክ ኃይል ጭምር አከሟት። እርስዋም በ1955 ወደ ሼክስፒር የትውልድ ከተማ ሄዳ በሦስት ቴአትሮች ተጫወተች።

በ1957 የቅዱስ ጄምስ ቴአትር ቤት ሊፈርስ ስለ ተቈረጠ፣ ቪቪየን በመሳፍንቱ ምክር ቤት ከተመልካቾች ወንበር ተነሥታ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ ተቃወመች፤ የሥርዓት አስከባሪውም ከአዳራሹ አስወጣት። ቴአትር ቤቱ በዚያው ዓመት ፈረሰ። በ1960 ከኦሊቪዬ ጋር ተፋቱ። በ1963 በኒውዮርክ መድረክ የቶኒን ሽልማት ተቀበለች። በመጨረሻ ዘመንዋ ያስታመማት ጃክ ሜሪቬል የተባለ ተጫዋች ነው፤ የመጀመሪያው ባልዋ ሆልማንም ወዳጅነቱን አልተወም። በ1967 ሐምሌ ወር ያው የሳንባ ነቀርሳ በ53 ዓመትዋ ገደላት፤ የሎንዶን ቴአትር ቤቶችም ለክብርዋ መብራታቸውን አጠፉ።

እንግዲህ በዚህ ታሪክ ውስጥ ለቤተ ሰብ የሚጠቅም ምክር አለ። ሳንባ የታመመ ሰው ሲስል ሐኪም ይጠራለታል፤ አእምሮው የታመመውን ግን ብዙ ቤት ከጓዳ ይደብቀዋል። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ይባላል። ቪቪየን ሌይ ታማ ሳለች ይህን ሁሉ ሥራ መሥራትዋ፣ ሕመሙ ሰውየውን ከሰውነት ተራ እንደማያወጣው ያስረዳናል። በቤታችን እንዲህ ያለ ሰው ቢኖር፣ በእፍረት ፈንታ ሐኪምን፣ በነቀፋ ፈንታ ትዕግሥትን እናቅርብለት።