የእረኛው ዋሽንትና ሁለቱ ዘበኞቹ

በሞላሌ ደጋ ባናውን ተከናንቦ በግ የሚጠብቅ ልጅ ዋሽንቱን ሲነፋ፣ በእጁ የያዘው የሸምበቆ ቁራጭ የታላቅ ክርክር መነሻ መሆኑን የሚነግረው የለም። ዋሽንቱ አብዛኛውን ጊዜ አራት ቀዳዳ ብቻ አለው። ከዚያ የሚፈልቀው ዜማ ግን በአምስት ድምፆች ላይ የቆመ፣ ትዝታን ከባቲ፣ አምባሰልን ከአንቺ ሆዬ የሚለይ ሥርዓት ነው።

ስለዚህ ሥርዓት በከተማ አዳራሾች ሁለት ወገኖች ሲሟገቱ ኖረዋል። አንደኛው ወገን «የአባቶች ቅርስ ነውና አትንኩት» ይላል። ሁለተኛው ደግሞ «ኋላ ቀር ነውና በሠለጠነ መሣሪያ ተኩት» ይላል። ሁለቱም የሕዝብ ዜማ ዘበኞች ነን ባዮች ናቸው። አንዱ በሩን ቆልፎ ቁልፉን ይጥላል፤ ሌላው ቤቱን አፍርሶ በሩን ይጠብቃል።

ለሁለቱም መልስ የሰጠ ኢትዮጵያዊ የሙዚቃ ደራሲ አለ። ዶክተር አሸናፊ ከበደ እ.ኤ.አ. በ1938 አዲስ አበባ ተወለዱ። በአሜሪካ በኢስትማን የሙዚቃ ትምህርት ቤት ተምረው በ1962 ተመረቁ። ወደ አገራቸው ተመልሰውም የያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት መሥራች ዲሬክተር ሆኑ። ከድርሰቶቻቸው አንዱን «እረኛው ዋሽንት ነፊ» ብለው ሰየሙት። በ1967 በደረሱት «ኮቱራሲያ» ደግሞ የጃፓኑን ኮቶ ከአውሮፓ መሣሪያዎች ጋር አገናኙ። በ1971 ስለ ኢትዮጵያ ሙዚቃ ባቀረቡት ጥናት ከዌስሊያን ዩኒቨርሲቲ የዶክትሬት ማዕረግ ተቀበሉ። በ1998 በአሜሪካ አረፉ። እኒህ ሰው ሊቅም ፈጣሪም ነበሩ፤ የሚያጠኑትን አላመከኑም፣ የሚፈጥሩትንም ከሥሩ አልነቀሉም።

«አትንኩት» ባዩ ወገን አንድ እውነት ይዟል። የፒያኖ ቁልፎች ቁርጥ ልክ ያላቸው ናቸው፤ የአንቺ ሆዬን ጠባብ እርከኖች በእነርሱ ላይ በግድ ማስቀመጥ ዜማውን ማጉደፍ ነው። ይህ ግን የደራሲውን ጆሮ ንቁ እንዲሆን የሚያስገድድ ምክንያት እንጂ ፈጠራን የሚከለክል ሕግ አይደለም። ያልተነካ ዋሽንትስ የት ይገኛል? ነፊው ሸምበቆውን በራሱ ልክ ይቆርጣል፤ ለየቅኝቱ ረዥምና አጭር ዋሽንት ይይዛል፤ የትናንቱን ትዝታ ዛሬ እንደ ትናንቱ አይነፋውም። መለዋወጥ የዚህ ጥበብ ባሕርይ ነው። እንዳይለወጥ ማገድ እንዳይኖር ማገድ ነው።

«ተኩት» ባዩ ወገን በበኩሉ አውሮፓን ምስክር ይጠራል። እንግዲያው ምስክሩ ይቅረብ። ኢጣሊያዊው ሉቺያኖ ቤሪዮ እ.ኤ.አ. በ1925 ኦኔሊያ በተባለች የባሕር ዳርቻ ከተማ ከኦርጋን ደርዳሪዎች ቤተሰብ ተወለደ። በጦርነቱ ጊዜ ቀኝ እጁ ስለ ቆሰለ የፒያኖ ተጫዋችነት ተስፋው ተቋረጠ። በ1955 ከብሩኖ ማዴርና ጋር በሚላኖ ራዲዮ የኤሌክትሮኒክ ሙዚቃ ስቱዲዮ አቋቋመ። በ1958 ለብቸኛ ፍሉት የደረሰው «ሴኩዌንዛ» የአሥራ አራት ድርሰቶች ተከታታይ መጀመሪያ ሆነ። በአዲሱ ሙዚቃ ግንባር ቀደም የነበረው ይኸው ሰው በ1964 ወደ ሕዝብ ዘፈን ዞረ። የአርመንን፣ የሲሲሊያን፣ የሰርዲኒያንና የአዘርባጃንን ዜማ ጨምሮ አሥራ አንድ ዘፈኖችን ለአንድ ድምፅና ለሰባት መሣሪያ አዘጋጀ። ከመካከላቸው ሁለቱ የራሱ ድርሰቶች ነበሩ። እስከ ዕለተ ሞቱ፣ እስከ 2003፣ የአቫንጋርድ መምህር ተብሎ ኖረ እንጂ «ወደ ኋላ ተመለሰ» አልተባለም። ከሁሉ ርቆ የሄደው የሲሲሊያን ዘፈን ካልናቀ፣ የሞላሌን ዋሽንት ለመናቅ ሥልጣን የሰጠው ማን ነው?

«ለመንዝ ሰው የኢጣሊያ ምሳሌ ይቀርባልን?» የሚል ይኖራል። የመንዝ አርበኞች ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. የተዋጉት ከወራሪ ጋር ነበር፤ ከጥበብ ጋር አልነበረም። ወራሪን ያሸነፈ ሕዝብ ከወራሪው አገር የመጣን ዕውቀት መርምሮ ለመውሰድ አይፈራም። የሚያሳፍረው የባዕድን ምሳሌ መስማት ሳይሆን የራስን ደራሲ ረስቶ የባዕድን ብቻ ማወቅ ነው።

የክርክሩን ዋጋ የሚከፍለው ያ ልጅ ነው። ትምህርት ቤት ሲገባ ሙዚቃ ማለት በቁልፍ የሚመታው ነው ከተባለ ዋሽንቱን መስክ ላይ ጥሎት ይመጣል። ዋሽንቱን እንዳትለውጠው ከተባለም በእንግዳ ፊት የሚታይ ጌጥ ሆኖ ይቀራል። ስለዚህ የዶክተር አሸናፊ ድርሰቶች በኖታ ታትመው በአገር ውስጥ መድረክ ይሰሙ። ከፒያኖው መምህር ጎን የዋሽንት አዋቂ በመምህርነት ይቀመጥ። የሽማግሌ ዋሽንት ነፊዎች ቅኝት በየደጋው ይቀረጽ። ከዚያ የተወለደው አዲስ ድርሰትም መጀመሪያ ሞላሌ ይቅረብ፤ ዜማውን ከነልኩ የሚያውቅ ዳኛ ያለው እዚያ ነውና።