ማኅተም በእጃቸው ለሚገኝ የሐረር ሹማምንትና ጸሐፍት

በጁገል ቅጥር ውስጥና ከቅጥሩም ውጭ የልደት፣ የጋብቻ፣ የውርስና የቤት ይዞታ ሰነድ መርምራችሁ ለምታጸድቁ ሁሉ፤

ክቡራን ሆይ፤ በማኪና ግርግር አልፎ ወደ ጊደር መጋላ የወረደ ሸማች ሥጋው ሲመዘንለት ዓይኑን ከሚዛኑ አይነቅልም፤ ሻጩም በዚህ አይቀየምም። የእናንተ ማኅተም ግን ባለጉዳዩ በማያየው ጠረጴዛ ላይ የሚያርፍ እንደ መሆኑ መጠን፣ ከኅሊናችሁ በቀር ጠባቂ የለውም።

«ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለውን ብሂል የሚጸየፍ ሹም እንኳ፣ ሰልፈኛው በመስኮት በኩል ቆሞ ሳለ የአክስቱን ልጅ ፋይል በጓሮ በር ተቀብሎ ቲተሩንና ክቡን ማኅተም ሲያሳርፍበት፣ ገንዘብ አልተቀበልሁምና በደል የለብኝም ብሎ ራሱን ያጽናናል። በወረቀቱ የሰፈረው ቃል ሁሉ እውነት ሊሆን ይችላል፤ ነገር ግን ነገ ወራሾች በተካሰሱ ጊዜ የባላጋራ ጠበቃ አስቀድሞ የሚጠይቀው «ያረጋገጠው ማን ነው?» ብሎ ነውና፣ ዘመዱን የጠቀመ የመሰለው ሹም የዘመዱን እውነተኛ መብት ለጥርጣሬ አሳልፎ ሰጥቶታል።

የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ የማይንቀሳቀስ ንብረት ሽያጭ በፍርድ ቤት ወይም በአዋዋይ ፊት እንዲደረግ ያዘዘው፣ በአሚሮቹም ዘመን የቤትና የእርሻ ሽያጭ በቃዲ ፊት ምስክሮች ተጠርተው ይጻፍ የነበረው፣ ከሁለቱ ወገን ያልሆነ ሦስተኛ ዓይን እንዲኖር ነው። የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 25/1988ም ከተከራካሪው ጋር የሥጋ ወይም የጋብቻ ዝምድና ያለው ዳኛ ከችሎት እንዲነሣ ደንግጎ ነበር፤ በ2013 የተተካውም አዋጅ ይህንኑ ጠብቆታል። ዳኛው ከተነሣ፣ ባለማኅተሙ ስለ ምን ይቀመጣል?

በጁገል ያልተዛመደ ማን አለ ትሉ ይሆናል። እውነት ነው፤ በአፎቻ ለሠርግና ለለቅሶ የሚሰበሰብ ሕዝብ ዝምድናው ክብሩ ነው። ዝምድናን ካዱ የሚላችሁ ግን የለም፤ የዘመዳችሁ ወረቀት በመጣ ጊዜ ምክንያቱን በመዝገቡ ላይ ጽፋችሁ ለባልደረባችሁ አስተላልፉት፣ ዘመዳችሁም እንደ ማንኛውም ሰው ተራውን ይጠብቅ።

ስለዚህ የበላይ መመሪያ እስኪመጣ ሳትጠብቁ ይህን ሥርዓት ከዛሬ ጀምሮ በየቢሯችሁ እንድታጸኑ፣ ለዘመዶቻችሁም በቤታችሁ ሳሉ አስቀድማችሁ እንድትነግሯቸው፣ በተሸከማችሁት አደራ ስም እለምናችኋለሁ።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ የከተማችሁ ባለጉዳይ