«በምናብ የተፈጠረ» ማለት ውሸት ማለት አይደለም!

ወገን፣ ክርክር ሲጦፍ ሁሌ የምትመዘዝ አንዲት ዱላ አለች። «ኢትዮጵያ የምትሏት እኮ በምናብ የተፈጠረች ናት፤ አንደርሰን ጽፎታል» ይሉናል። የእኛ ልጆች ደግሞ መልስ ሲያጡ ስድብ ይጀምራሉ። ስድቡን ተዉትና መጽሐፉ ምን እንደሚል እንይ።

ቤኔዲክት አንደርሰን የኢንዶኔዥያ አጥኚ ነበር። በ1983 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ ያለው ቀላል ነገር ነው፦ የአንድ አገር ሰዎች አብዛኞቹ ዕድሜ ልካቸውን ሳይተያዩ ይኖራሉ፤ ግን በየልባቸው «አንድ ነን» የሚል ስዕል አለ። ምናብ ያለው ይህንን ነው። በዚህ ሂሳብ ፈረንሳይም፣ ኢንዶኔዥያም፣ ኢትዮጵያም፣ ተከራካሪህ የሚምልበት ብሔርም እኩል ናቸው። እንዲያውም አንደርሰን ኧርነስት ጌልነርን የተቸው መፍጠርን ከማስመሰል ጋር ቀላቅለሃል ብሎ ነው። ስለዚህ ዱላዋ ኢትዮጵያን አትመታም።

ለእኛም አታገለግልም! ከእኛው ሰፈር «የእናንተ ብሔር ትናንት የተፈጠረ ነው» እያሉ የሚለጥፉ አሉ። ትናንት ቢፈጠርስ? ሰው የሚያለቅስለት፣ የሚሞትለት ነገር ዕድሜው ስላነሰ ውሸት ይሆናል እንዴ? ይቺን ካልተውን ሌላውን ለመውቀስ አፍ የለንም።

አንደርሰን ስዕሉን በዋናነት የሳሉት ጋዜጣና ልብ ወለድ ናቸው ይላል። እዚህ ላይ ግን የእኛ ታሪክ አልገጥምም ይለዋል። «ብርሃንና ሰላም» ጋዜጣ መታተም የጀመረው በ1917 ዓ.ም. ነው፤ ዓድዋ 1888። የሸዋ፣ የጎጃም፣ የወሎ፣ የትግራይና የሐረር ጦር አንድ ላይ ሲሰለፍ አብዛኛው ፊደል አልቆጠረም። ጥሪው የደረሰው በነጋሪት፣ በገበያ አዋጅ፣ ከአፍ ወደ አፍ ነው። ሁሉም ወዶ ዘመተ አልልም፤ ጌታው አዞት የሄደም ብዙ ነው። የዛሬው ዓይነት ብሔርተኝነት ያኔ ነበረ ማለትም አይደለም። ግን ሳይተዋወቁ አንድ ላይ የቆሙት ጋዜጣ አንብበው አይደለም። ይሄ ጥያቄ በእኛው ልጆች፣ በእኛው ቋንቋዎች ገና ብዙ ሊጻፍበት ይገባል።

ያኔ ነጋሪት፣ በኋላ ጋዜጣ፣ አሁን ስልክ። ጋዜጣ ሺህ ሰው በአንድ ጠዋት አንድ ገጽ ላይ ያገናኛል። ስልክ ግን አዳማ ላለው ልጅ ሌላ አገር፣ ጎንደር ላለው ሌላ አገር፣ መቀሌ ላለችው ደግሞ ሌላ ነው የሚያሳየው። እኔን የሚያስፈራኝ «ኢትዮጵያ ምናብ ናት» የሚለው ልጅ አይደለም። አብረን የምናየው ስዕል ማነሱ ነው።

እስቲ ከዛሬ ጀምሮ፣ ከማትስማሙበት ወገን አንድ ገጽ ፎሎው አድርጉ። አንድ ሳምንት ሳትሳደቡ አንብቡ፤ ከዚያ ያያችሁትን እዚህ ኮሜንት ላይ ጻፉልን።