ተጽፈው የማይነበቡ ፊደላት

የእንግሊዝኛ መጽሐፍ በየቤታችን ገብቷል፤ ልጆቻችንም ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ያነቡታል። ነገር ግን ፊደሉን ተከትሎ የሚያነብ ልጅ በአንዳንድ ቃል ላይ ሲሰናከል ይሣቅበታል፤ የተሣቀበትም ልጅ ዳግመኛ አፉን ለመክፈት ይፈራል። ስለዚህ ከአሰናካዮቹ ቃላት አራቱን መርጠን ንባባቸውንና ትርጕማቸውን እናቀርባለን።

ሳም፤ ከመዝሙረ ዳዊት አንዱ መዝሙር ማለት ነው። ሲጻፍ በፒ ይጀምራል፤ በመካከሉም ኤል አለበት፤ ሁለቱም አይነበቡም። ቃሉ ከግሪክ የመጣ ሲሆን መሠረቱ አውታርን በጣት መምታት ነው። ግሪኮች ፒን ያሰሙታል፤ እንግሊዞች ግን ጽሕፈቱን ይዘው ድምፁን ተዉት።

ኳየር፤ የመዘምራን ጉባኤ ነው። ጽሕፈቱን ብቻ ያየ ሰው «ቾይር» ማለቱ አይቀርም። ቃሉ ቀድሞ በኪው ይጻፍ ነበር፤ በኋላ ላቲኑን እንዲመስል ተብሎ ጽሕፈቱ ተለወጠ፤ የሕዝቡ አንደበት ግን በቀድሞው ጸና።

ቪትልስ፤ ምግብ ወይም ስንቅ ነው። በዛሬ ንግግር እምብዛም አይሰማም፤ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1611 ዓ.ም. በታተመው የእንግሊዝኛ መጽሐፍ ቅዱስ ግን በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 14 ይገኛል። በመካከሉ ያለው ሲ የላቲኑን ቃል ለማስታወስ የገባ ስለ ሆነ አይነበብም።

ሞንዲ፤ ጸሎተ ሐሙስን እንግሊዞች «ሞንዲ ተርስዴይ» ይሉታል። ቃሉ ትእዛዝ ከሚለው የላቲን ቃል የተገኘ ነው፤ ጌታ በዚያች ሌሊት ለደቀ መዛሙርቱ አዲስ ትእዛዝ ሰጥቷልና (ዮሐ. 13፥34)። እኛ ዕለቱን በጸሎቱ፣ እነርሱ በትእዛዙ ጠሩት።

የእኛ ፊደል ድምፁን ይዞ ስለሚጻፍ የእንግሊዝኛውን ጽሕፈት እንታዘበው ይሆናል። ሆኖም «ገና» ብለን የጻፍነው ቃል ጠብቆ ሲነበብ የልደት በዓል ነው፤ ላልቶ ሲነበብ ጊዜው አለመድረሱን ያስረዳል። ፊደሉ አንድ ነው፤ የሚለየው የለመደ ጆሮ ነው።

እንግዲህ ወላጆች ሆይ፥ ልጃችሁ በንባብ ሲሳሳት አትሣቁበት፤ ንባብን የሚያሳይ መዝገበ ቃላት አብራችሁት ግለጡ። ስሕተቱ የስንፍና ምልክት አይደለም፤ ቃሉን በዓይኑ አግኝቶታል፤ በጆሮው ግን ገና አልሰማውም።